የተርሚኒው ሐውልት፦ ጳጳሱን ባለመምሰሉ ያከራከረው የጥበብ ሥራ

በአውሮፓውያኑ ግንቦት 2011 በሮም ዋና የባቡር ጣቢያ በተርሚኒ ደጃፍ የርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዳግማዊ ዮሐንስ ጳውሎስ መታሰቢያ ተመረቀ። ብዙ የከተማዋ ነዋሪዎች ግን በሐውልቱ ውስጥ ጳጳሱን ሊያገኟቸው አልቻሉም።

ቀራፂው ኦሊቪዬሮ ራይናልዲ አምስት ሜትር ገደማ ቁመት ያለውን ነሐስ የሠራው እንደ ተከፈተ ካባ አድርጎ ነው። በላዩ ራስ አለ፤ ውስጡ ግን ባዶ ነው። ክፍቱ ካባ መንገደኛውን ተቀብሎ እንዲያስጠልል የታሰበ ነበር። ተቺዎች በበኩላቸው የዘብ ማማ አስመሰሉት፤ ፊቱን ከሙሶሊኒ ጋር ያመሳሰሉትም ነበሩ። የቫቲካኑ ጋዜጣ ሎሴርቫቶሬ ሮማኖም ሥራውን ነቀፈ።

ማርሴል ዱሻምፕ በ1917 የሽንት መሽኛ ሳህን ለኒው ዮርክ ዐውደ ርዕይ ሲልክ የተቆጡት በአብዛኛው የጥበቡ ሰዎች ነበሩ። የተርሚኒው ሐውልት ግን ባቡር ለመሳፈር የሚጣደፈውን ሁሉ ዳኛ አደረገ።

አደባባዩ ለኢትዮጵያውያንም እንግዳ አይደለም። «የአምስት መቶዎቹ» የሚለው ስያሜው በ1887 ዶጋሊ ላይ በራስ አሉላ ጦር የተገደሉትን የጣሊያን ወታደሮች ያስታውሳል። መታሰቢያቸው በአቅራቢያው የሚገኝ ጥንታዊ የግብፅ የድንጋይ ዓምድ ነው። ፋሺስቶች ከአዲስ አበባ የዘረፉት የይሁዳ አንበሳም በአንድ ወቅት ከሥሩ ቆሞ ነበር። ዓምዱ ወታደሮቹን አይመስልም፤ ይህ ግን እንደ ጉድለት አልተቆጠረበትም። ከጳጳሱ ሐውልት የተጠበቀው መልክ ነው።

ከተማዋ በመጨረሻ ለተቺዎቹ እጅ ሰጠች። ሐውልቱ ራሱና ካባው ተስተካክለው በኅዳር 2012 ዳግም ተመረቀ። ፊቱ አሁን ጳጳሱን ይበልጥ ይመስላል፤ ካባው ግን ዛሬም ባዶ ነው።