ከግዥው ዋጋ በስተጀርባ ያለው ወጪ

ዱስ በኦሞ ወንዝ ምሥራቃዊ ዳርቻ የምትገኝ የካራ ሕዝብ መንደር ናት። ከጂንካ ተነሥቶ በቀይ አፈር፣ በዲመካና በቱርሚ በኩል ወደ እርሷ የሚወርድ መንገደኛ፣ ዝናብ በጣለ ቀን፣ ደረቅ ሆነው የከረሙ ወንዞች ደራሽ ውኃ ሞልተው መንገዱን ቢዘጉበት ሊደነቅ አይገባውም። ካራዎች ከጥንት ጀምሮ ማሽላቸውን የሚዘሩት ኦሞ ሞልቶ ከሸሸ በኋላ በሚተወው ርጥብ ደለል ላይ ነበር። የግቤ ሦስት ግድብ በ2007 ዓ.ም. ውኃ መያዝ ከጀመረ ወዲህ ግን ዓመታዊው ሙላት እንደ ቀድሞው አልመጣም። ስለዚህ ለወንዝ ዳር ማሳ ውኃውን በሞተር መሳብ አስፈላጊ ሆነ፤ ሞተር ደግሞ በግዥ የሚመጣ ነገር ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት እኛም በአባልነት የተካፈልንበት አንድ የግዥ ኮሚቴ ለዚሁ ሥራ የሚውል የውኃ መሳቢያ ሞተር ገዝቶ ነበር። በአሠራሩ ላይ እንከን አልታየም። ሦስት ፕሮፎርማ ተሰበሰበ፤ ዋጋው ተወዳደረ፤ ዝቅተኛውን ዋጋ ያቀረበው ነጋዴ አሸነፈ፤ ቃለ ጉባኤ ተጻፈ፤ ዕቃው በሞዴል 19 ገቢ ሆነ። ኦዲተር ቢመጣ የሚነቅፈው ነገር አልነበረም። ይሁን እንጂ ሞተሩ ለንጹሕ ውኃ የተሠራ እንጂ እንደ ኦሞ ደለል ለሚሸከም ወንዝ የታሰበ አልነበረም። አሸዋው ውኃ የሚገፋውን ክፍል እየፋቀ ጨረሰውና በሁለተኛው የእርሻ ወቅት ሞተሩ ድምፅ እንጂ ውኃ የማይሰጥ ሆነ። መለዋወጫው በጂንካ ገበያ ታጣ፤ በአርባ ምንጭም ታጣ፤ ከአዲስ አበባ ተፈልጎ እስኪደርስ ድረስ ማሽላው ደረቀ። ለጉብኝት በሄድን ጊዜ አንድ የመንደሩ አባት በአስተርጓሚ፣ «ሞተሩስ ደኅና ነው፤ ሕመሙ የጂንካ ርቀት ነው» አሉን። የኮሚቴውን ስሕተት ከእርሳቸው ይልቅ አሳጥሮ የገለጸልን የለም።

ስሕተቱ ምን ነበር? ገንዘብ አልባከነም፤ ዘመድም አልተጠቀመም። ኮሚቴው የጠየቀው አንድ ጥያቄ ብቻ መሆኑ ነው፤ እርሱም «ዛሬ ስንት እንከፍላለን?» የሚለው ነው። ይህን ልማድ ለማረም የሚረዳ አንድ ዓለም አቀፍ መመሪያ አለና ለሰበካ ጉባኤያትና ለልማት ኮሚቴዎች በአጭሩ ልናስተዋውቀው ወደድን።

መቀመጫው ጄኔቫ የሆነውና ሀገራችንም አባል የሆነችበት ዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅት፣ በ2009 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. በ2017) ስለ ዘላቂ ግዥ የሚናገረውን አይ.ኤስ.ኦ 20400 የተባለ ደረጃ አወጣ። ከዚያ በፊት በ2003 ዓ.ም. ድርጅቱ ስለ ማኅበራዊ ኀላፊነት አይ.ኤስ.ኦ 26000ን አውጥቶ ነበር፤ አዲሱም በእርሱ መሠረት ላይ የቆመ ነው። የደረጃው አሳብ ሲጠቃለል፣ ዘላቂ ግዥ ማለት የሚገዛው ዕቃ ወይም አገልግሎት ጥሬ ዕቃው ከሚገኝበት ጊዜ አንሥቶ አገልግሎቱን ጨርሶ እስኪወገድ ድረስ፣ ለተፈጥሮ፣ ለሰውና ለኢኮኖሚ የሚቻለውን ያህል በጎ ውጤት እንዲያስገኝ አድርጎ መግዛት ነው። ለመንግሥትም ሆነ ለግል፣ ለትልቅም ሆነ ለትንሽ ተቋም እንዲያገለግል ታስቦ የተጻፈ ስለሆነ፣ በዓመት ጥቂት ዕቃ ብቻ የምትገዛ የገጠር አጥቢያም ከእርሱ ውጭ አይደለችም።

እዚህ ላይ አንድ ማስጠንቀቂያ እንስጥ። አይ.ኤስ.ኦ 20400 ምክርና መመሪያ እንጂ ግዴታ አይደለም፤ የምስክር ወረቀት እንዲሰጥበትም አልተዘጋጀም። ስለዚህ አንድ አቅራቢ «የ20400 ሰርተፊኬት አለኝ» ብሎ ቢመጣ ወረቀቱ ለምርጫ ምክንያት ሊሆን አይገባም።

ከመመሪያው አሳቦች ለእኛ እጅግ የሚጠቅመው ሙሉውን ወጪ ማስላት ነው። ለምሳሌ ሁለት ሞተሮች ቀርበውልናል እንበል። የመጀመሪያው 60,000 ብር ይሸጣል፤ በሰዓት አንድ ሊትር ተኩል ነዳጅ ይጠጣል። ሁለተኛው 90,000 ብር ነው፤ በሰዓት አንድ ሊትር ይበቃዋል። በዓመት 600 ሰዓት ቢሠሩ፣ ለስሌቱ እንዲመችም የአንዱን ሊትር ዋጋ 100 ብር ብናደርግ፣ የመጀመሪያው በዓመት የ90,000 ብር፣ ሁለተኛው የ60,000 ብር ነዳጅ ይፈጃል። በአራት ዓመት ውስጥ ርካሽ የተባለው 420,000 ብር ሲያስወጣ፣ ውድ የተባለው 330,000 ብር ያስወጣል። በፕሮፎርማው ላይ በ30,000 ብር የተሸነፈው ሞተር በማሳው ላይ በ90,000 ብር ያሸንፋል። ይህ ስሌት የመለዋወጫውን ዋጋ፣ ነዳጁን ከቱርሚ ወይም ከጂንካ የሚያጓጕዘውን መኪና ኪራይና የደረቀውን ማሽላ ገና አልጨመረም። ግንብ ሊሠራ የሚወድ ሰው አስቀድሞ ተቀምጦ ወጪውን እንዲቈጥር በወንጌል የተነገረውን ለምእመናን የምናስተምር እኛ፣ ቈጠራውን በመሠረቱ ድንጋይ ላይ ማቆማችን የሚያሳፍር ነው።

ሌላው የመመሪያው አሳብ በእውነተኛው ፍላጎት ላይ ማተኰር ነው። ከመግዛት በፊት፣ ዕቃው በእርግጥ ያስፈልጋልን? ያለውን መጠገን፣ ከጎረቤት አጥቢያ ጋር በጋራ መጠቀም ወይም መከራየት አይቻልምን? ተብሎ እንዲጠየቅ ይመክራል። የዱስ ሰዎች የጠየቁት ለማሽላቸው ውኃ ነበር፤ «ሞተር» ብሎ የጻፈው ኮሚቴው ነው። ፍላጎቱ «ለዚህ ያህል ማሳ፣ በእነዚህ ወራት፣ ደለል ካለበት ወንዝ የሚደርስ ውኃ፤ በቅርብ ሰው የሚጠገን» ተብሎ ቢጻፍ ኖሮ ከሦስቱ ፕሮፎርማዎች ምናልባት ሁለቱ ገና ከመነሻው ይወድቁ ነበር።

የዕቃውን መነሻ መመርመር ደግሞ ብዙዎቻችን ያልለመድነው ነገር ነው፤ በቤተ ክርስቲያን ግን ከዕጣን የበለጠ ምሳሌ አይገኝለትም። ከመተማና ከቋራ ቆላ እስከ ትግራይ በሚገኙ ደረቅ ደኖች የሚበቅለው የዕጣን ዛፍ ግንዱ እየተፋቀ ሙጫውን ይሰጣል። በኢትዮጵያ፣ በኤርትራና በሱዳን የተደረገና እ.ኤ.አ. በ2019 የታተመ ጥናት እንዳመለከተው፣ በብዙ ቦታ ያረጁትን የሚተኩ ወጣት ዛፎች ከዐሥርተ ዓመታት ወዲህ አልታዩም፤ ሁኔታው በዚሁ ከቀጠለም የዕጣኑ ምርት በሃያ ዓመት ውስጥ በግማሽ ይቀንሳል። ምክንያቶቹ እሳት፣ ልቅ ግጦሽና ልክ ያጣ መፋቅ ናቸው። ያለ ዕረፍት የሚፋቅ ዛፍ ኀይሉን ወደ ሙጫ ስለሚያውለው ፍሬው ይደክማል፤ ከፍሬው የሚበቅለውም ያንሳል። ዕጣን ዘወትር የሚገዛ ቤት ስለ ዛፉ መጠየቅ ይገባዋል። አንድ አጥቢያ ለብቻው ቢጠይቅ ነጋዴው ላይሰማ ይችላል። በአንድ ወረዳ ያሉ አጥቢያዎች የዓመት ፍጆታቸውን አስተባብረው፣ ዛፉን እያሳረፈ ከሚፈቅ የአምራቾች ማኅበር ቢገዙ ግን ጥያቄያቸው የገበያ ክብደት ያገኛል።

የሰው ጕልበትም እንዲሁ ነው። ለቤተ ክርስቲያን ሕንፃ አሸዋና ድንጋይ ሲቀርብ ዋጋው የረከሰበት ምክንያት አንዳንድ ጊዜ ተሸካሚው ልጅ መሆኑ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ ጕዳይ አዋጅ ቍጥር 1156/2011 ከ15 ዓመት በታች የሆነውን ልጅ መቅጠርን ይከለክላል፤ ከ15 እስከ 18 ዓመት ያሉትንም ከከባድና አደገኛ ሥራ ይጠብቃል። ኮሚቴው «እኛ ከአቅራቢው ገዛን እንጂ ልጁን አልቀጠርንም» ሊል ይችላል። መመሪያው ይህን መልስ አይቀበልም፤ ገዥ በአቅራቢው በኩል ለሚደርሰው ጕዳት ቀድሞ እንዲጠነቀቅ ይጠይቃል። እኛም አንቀበለውም።

በዚህ ስፍራ አንዳንድ የሒሳብ ሹሞች የሚያነሡት ስጋት ቀላል አይደለም። «ዝቅተኛውን ዋጋ ከተውን ዝምድና በር ያገኛል፤ ኦዲተሩም ይጠይቀናል» ይላሉ። እውነት ነው፤ «ዘላቂነት» የሚለው ቃል ለወዳጅ ዕቃ መሸፈኛ ሊሆን ይችላል። መከላከያው መስፈርቱን ፕሮፎርማው ከመሰብሰቡ በፊት መጻፍና ለሁሉም አቅራቢዎች እኩል ማሳወቅ ነው። የመለዋወጫ አቅርቦት ስንት ነጥብ እንዳለው፣ የነዳጅ ፍጆታ እንዴት እንደሚሰላ፣ ዋስትናው ለስንት ዓመት እንደሚጠየቅ አስቀድሞ በቃለ ጉባኤ የሰፈረ ኮሚቴ፣ ውዱን ዕቃ ቢመርጥም የሚያስረዳበት ወረቀት አለው። ፖስታው ከተከፈተ በኋላ የሚጨመር መስፈርት ግን፣ ምንም ያህል መልካም ቢሆን፣ ተቀባይነት ሊኖረው አይገባም። የለጋሽ ድርጅት ገንዘብ በሆነ ጊዜም የለጋሹ የግዥ ደንብ ይህን የነጥብ አሰጣጥ መፍቀዱን ከውሉ ላይ ማረጋገጥ ያስፈልጋል።

እኛ አሁን በዋጋ ማወዳደሪያው ቅጽ ላይ ከዋጋው ቀጥሎ አራት ዐምዶች ጨምረናል፤ የአራት ዓመት ነዳጅና ጥገና፣ መለዋወጫው የሚገኝበት ቅርብ ከተማ፣ ጠጋኙ ማን እንደሆነና ዕቃው ሲያልቅ የት እንደሚወገድ የሚጠይቁ ናቸው። ለአነስተኛ ግዥ፣ ለምሳሌ ለምንጣፍ ወይም ለወንበር፣ ይህን ሁሉ መሙላት ድካም ብቻ ነው። መመሪያውም ትኩረቱ ብዙ ገንዘብ በሚወጣበትና ጕዳቱ በሚያይልበት ግዥ ላይ እንዲሆን ስለሚመክር፣ ቅጹን ለሞተር፣ ለፀሐይ ኀይል መሣሪያ፣ ለግንባታ ዕቃና ለመሳሰሉት ብቻ እንጠቀምበታለን።

የመጨረሻው ዐምድ እስካሁን ባዶውን የሚመለስ መሆኑን መደበቅ አያስፈልግም። በዱስ የተተካው አሮጌ ሞተር ዛሬም ከወንዙ ዳር በዛፍ ሥር ወድቆ ይገኛል፤ የተረፈው ዘይቱ ወደ ኦሞ እንዳይፈስ በጀሪካን ተቀድቶ ተቀምጧል። በሚመጣው የመስክ ጕዞ መኪናው ባዶውን ስለሚመለስ ሁለቱንም ጭኖ ወደ ጂንካ እንዲያመጣ ተነጋግረናል።