ሼክ ሸሪፍን “ለዘብተኛ” ያደረጋቸው ማን ነው?

ከኮለምበስ፣ ኦሃዮ

ጃንዋሪ 31 ቀን 2009 ሊነጋጋ ሲል፣ ጅቡቲ ላይ የተሰበሰበው የሶማሊያ ፓርላማ ሼክ ሸሪፍ ሼክ አህመድን ፕሬዚዳንት አድርጎ መረጠ። (ቀኖቹን ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) በመጨረሻው ዙር 293 ድምፅ አገኙ፤ ተፎካካሪያቸው የዚያድ ባሬ ልጅ መስላህ መሐመድ ዚያድ 126። በማግስቱ አዲሱ ፕሬዚዳንት የት ተገኙ? አዲስ አበባ! በአፍሪካ ኅብረት የመሪዎች ጉባኤ ላይ። ከሁለት ዓመት በፊት የኢትዮጵያ ጦር በታንክና በጄት አሳድዶ ከሞቃዲሾ እስከ ኬንያ ድንበር የሸኛቸው ሰው፣ በአሳዳጃቸው ዋና ከተማ እንደ አገር መሪ ገቡ።

ውድ አንባቢያን፣ ያን ሰሞን የዓለም ዜና ማሰራጫዎች ከስማቸው ፊት አንዲት ቃል ይለጥፉ ጀመር፤ “ለዘብተኛው”። ለዘብተኛው እስላማዊ መሪ፣ ለዘብተኛው ፕሬዚዳንት። በ2006 ግን ያው ሰው፣ በዚያው ቆብና በዚያው ጢም፣ ለአዲስ አበባ መንግሥት ከአክራሪዎቹ አለቆች አንዱ ነበሩ። ለመሆኑ በመሃል ምን ተለወጠ? ሃይማኖታቸውን አልቀየሩም። አገራቸው በሸሪዓ ትተዳደር የሚለውንም አልተዉም። በአብዛኛው የተለወጠው የእኛ መንግሥት ሒሳብ ነው። ይህን የቆየ ነገር ዛሬ የማነሣው ለትዝታ ብዬ አይደለም፤ ያው ሒሳብ በ2024 እንደገና ተሠርቶ እንደገና ስለተሳሳተ ነው።

ስለ ሰውየው ጥቂት ልበል። ሼክ ሸሪፍ የጂኦግራፊ አስተማሪ ነበሩ። የተማሩት ሱዳንና ሊቢያ ነው። ያደጉት በሱፊ ወግ ነው፤ ማለትም ኋላ አልሸባብ የሼኮቹን መቃብር እያፈረሰ ካሳደደው ከነባሩ የሶማሌ እስልምና ወገን ናቸው። ወደ ፍርድ ቤቶቹ ያስገባቸው የሚያስተምሩት ልጅ በሞቃዲሾ ሽፍቶች ታግቶ ገንዘብ የተጠየቀበት ጉዳይ ነው። በዚያን ጊዜ ሞቃዲሾ ከሰፈር ሰፈር ለመሻገር ለጦር አበጋዝ ኬላ መክፈል ግድ ነበር። የፍርድ ቤቶቹ ኅብረት ጁን 2006 አበጋዞቹን ሲያባርር ኬላዎቹ ተነሡ፤ ከአሥር ዓመት በላይ ተዘግተው የኖሩት አየር ማረፊያና ወደብ ተከፈቱ። ሕዝቡ የወደዳቸው ለዚህ ነው እንጂ የቢን ላደንን ስብከት ናፍቆ አልነበረም።

ይህን ስል ፍርድ ቤቶቹን ቅዱስ ላደርጋቸው አይደለም። ሹራውን የሚመሩት ሼክ ሐሰን ዳሂር አዌይስ ነበሩ፤ በ1990ዎቹ ኦጋዴን ላይ የጦር ነጋሪት ሲጎስም የነበረው፣ አዲስ አበባ ላይ በደረሱ የቦምብ ጥቃቶች የተወነጀለው የአል-ኢትሐድ የጦር አዛዥ የነበሩት ሰው። ከሥራቸው አልሸባብ የሚባል የወጣት ክንፍ ጥርስ ያበቅል ነበር። አስመራ መሣሪያ ታቀብላቸው ነበር። ሼክ ሸሪፍ ራሳቸውም ኦክቶበር 9 ቀን 2006 የወታደር ልብስ ለብሰው፣ ክላሽንኮቭ ይዘው በኢትዮጵያ ላይ ጂሃድ አውጀዋል። የሚያሠጋ ነገር አልነበረም የሚል ካለ ያን ፎቶግራፍ አላየም ማለት ነው። በዲያስፖራውም መካከል “የጠላቴ ጠላት ወዳጄ ነው” በሚል ስሌት ለፍርድ ቤቶቹ ያጨበጨቡ ወገኖች ነበሩ። ጂሃዱ የታወጀው በመለስ ዜናዊ ላይ ብቻ ይመስል!

እንግዲህ ክርክሩ ሥጋት ነበረ ወይስ አልነበረም አይደለም። በአንድ ጣራ ሥር ሁለት ወገን እንዳለ እየታወቀ ሁለቱን በአንድ ጥይት መምታት ለምን አስፈለገ? በዓረብ ሊግ ሸምጋይነት ካርቱም ላይ ከጁን 2006 ጀምሮ በሽግግር መንግሥቱና በፍርድ ቤቶቹ መካከል ንግግር ነበር። ኖቬምበር መጀመሪያ ላይ ሲፈርስ ዋናው የንትርክ ነጥብ የኢትዮጵያ ጦር ሶማሊያ ውስጥ መገኘቱ ነበር። ኖቬምበር 30 የእኛ ፓርላማ ለጦርነት በር የሚከፍተውን ውሳኔ አጸደቀ። ዲሴምበር 24 አቶ መለስ በቴሌቪዥን ጦርነቱን አወጁ። ዲሴምበር 28 ሠራዊቱ ሞቃዲሾ ገባ። አራት ቀን!

ከዚያስ? ለዘብተኛው ሸሸ፣ አክራሪው ቀረ። ሼክ ሸሪፍ በጃንዋሪ 2007 እጃቸውን ለኬንያ ሰጥተው፣ ናይሮቢ ላይ የአሜሪካን አምባሳደር አነጋግረው፣ በየመን በኩል አስመራ ገቡ። ሞቃዲሾ ውስጥ ጥይት የሚተኩሰው ግን አልሸባብ ነበር። የውጭ ጦር ዋና ከተማውን ሲይዝ፣ ትናንት ማንም የማያውቀው የወጣቶች ቡድን የአገር ነፃ አውጪ ካባ ደረበ። በመቶ ሺዎች የሚቆጠር የሞቃዲሾ ሕዝብ ቤቱን ጥሎ ወጣ። ሠራዊታችን ጃንዋሪ 2009 ጓዙን ጠቅልሎ ሲመለስ፣ ጃንዋሪ 26 የፓርላማው መቀመጫ ባይዶዋ በአልሸባብ እጅ ወደቀች። ሼክ ሸሪፍን የመረጠው ፓርላማ የሚመለስበት ከተማ አልነበረውም። ሁለት ዓመት ተዋግተን፣ በመጨረሻ ለዘብተኛ ያልነውን ሰው ቤተ መንግሥት ስናስገባ፣ ከቤተ መንግሥቱ ውጭ ያለውን አገር ለአክራሪው አስረክበን ነበር። ሳይቃጠል በቅጠል ይል የነበረ ሰው አልታጣም፤ የሰማው ግን የለም።

ለእኔ ሰውየው በእርግጥ ለዘብተኛ መሆናቸውን ያሳዩት አስመራን ጥለው የወጡ ዕለት ነው። ሴፕቴምበር 2007 አስመራ ላይ የተመሠረተው የሶማሊያ ዳግም ነፃ አውጪ ኅብረት በ2008 ለሁለት ተከፈለ። አዌይስ አስመራ ቀሩ። ሸሪፍ ጅቡቲ ሄደው ከሽግግር መንግሥቱ ጋር ጁን 9 ቀን 2008 ስምምነት ፈረሙ፤ የኢትዮጵያ ጦር በምዕራፍ እንዲወጣ የሚያዝ ነው። የሚገርመው፣ በማግስቱ ጁን 10 የኤርትራና የጅቡቲ ወታደሮች ራስ ዱሜራ ላይ ተታኮሱ። በዚያ ቀጠና ከአንዱ ጋር መስማማት ከሌላው ጋር መጣላት ነው። የጠመንጃና የመኝታ ውለታ ያለብህን አገር ትተህ መውጣት ቀላል አይደለም፤ እኛ ስደተኞች ይህን ከማንም በላይ እናውቃለን።

ፕሬዚዳንት ከሆኑ በኋላ ያለው ግን እሾህ ነው። ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም ይላሉ አባቶች፤ ሼክ ሸሪፍ የተጠየቁት በአንድ እግር አራት ዛፍ እንዲወጡ ነበር። ለሕዝባቸው ኢትዮጵያን ያስወጣሁ እኔ ነኝ ማለት አለባቸው፤ ለአዲስ አበባ ደግሞ ጎረቤት ነኝ። ኤፕሪል 2009 ፓርላማቸው ሸሪዓን ሕግ አድርጎ አጸደቀ፤ የአክራሪዎቹን አፍ ለመዝጋት ታስቦ ነበር፤ አልዘጋም። አዌይስ በዚያው ወር ከስደት ተመልሰው የቀድሞ ወዳጃቸውን የባዕድ አሻንጉሊት እያሉ ሜይ ላይ ከአልሸባብ ጋር ወጓቸው። ቤተ መንግሥታቸውን ቪላ ሶማሊያን የሚጠብቁት የኡጋንዳና የቡሩንዲ ወታደሮች ነበሩ። ኦገስት 2009 ናይሮቢ ላይ ከሂላሪ ክሊንተን ጋር እጅ ሲጨባበጡ የውጭ ድጋፋቸው በአንድ እርከን ከፍ አለ፤ በአገር ቤት የዚያኑ ያህል ወረደ። “ለዘብተኛ” የሚለው ማዕረግ ውጭ አገር የሚመነዘር፣ ሞቃዲሾ ላይ ግን ዕዳ የሚሆን ገንዘብ ነበር።

ጁን 18 ቀን 2009 የጸጥታ ሚኒስትራቸው ኦማር ሐሺ በለድወይን ላይ በአጥፍቶ ጠፊ ተገደሉ። ከሁለት ቀን በኋላ የፓርላማው አፈ ጉባኤ ጎረቤት አገሮች በ24 ሰዓት ውስጥ ጦር እንዲልኩ ለመኑ፤ ኢትዮጵያም ከተለማኞቹ አንዷ ነበረች። ገና አምስት ወር! አዲስ አበባ ያለ ዓለም አቀፍ ውክልና አልገባም አለ። የዚያን አገዛዝ ሥራ ማመስገን አይሆንልኝም፤ ይህች መልስ ግን ትክክል ነበረች። ቢገባ ኖሮ ሸሪፍ በዚያው ቀን ያበቃላቸው ነበር። በጓዳ በኩል ግን አህሉ ሱና ወልጀማዓ የተባለውን የማዕከላዊ ሶማሊያ ሚሊሺያ መደገፉ ቀጠለ፤ ማርች 2010 ሸሪፍ ከዚሁ ሚሊሺያ ጋር የሥልጣን ክፍፍል የተፈራረሙት አዲስ አበባ ላይ ነው። አንድ ፕሬዚዳንት ከራሱ አገር ታጣቂ ጋር ለመታረቅ የጎረቤት ዋና ከተማ ድረስ ሲሄድ፣ ሉዓላዊነቱን ማን ያምንለታል?

ከኬንያም ጋር እንዲሁ። ኤፕሪል 2009 የሸሪፍ መንግሥት ሚኒስትር ስለ ባሕር ወሰን ከናይሮቢ ጋር የመግባቢያ ሰነድ ፈረመ። ሕዝቡ “ባሕራችን ተሸጠ” ብሎ ጮኸ፤ ኦገስት ላይ ፓርላማው ራሱ ሰነዱን ውድቅ አደረገው። ነገሩ ዞሮ ዞሮ ዘ ሄግ ፍርድ ቤት ደርሶ ኦክቶበር 2021 በአብዛኛው ለሶማሊያ ተፈረደ። አቅም የሌለው መንግሥት የፈረመውን ወረቀት ይዞ ድንበር አገኘሁ ማለት እንደማያዋጣ ኬንያ በዚህ ተማረች። እኛ ከኬንያ አልተማርንም፤ ወደዚያ እመጣለሁ።

እዚህ ኮለምበስ ይህ ሁሉ የሩቅ ዜና አልነበረም። ከሚኒሶታ ቀጥሎ በአሜሪካ ትልቁ የሶማሌ ማኅበረሰብ የሚኖረው በዚህች ከተማ ነው። በክሊቭላንድ አቬኑና በሞርስ ሮድ የእኛ እንጀራ ቤትና የእነሱ ሐላል ሥጋ ቤት ግድግዳ ይጋራሉ። በ2007 የታክሲ ተራ ላይ ቆመው ቡና ሲጋበዙ የኖሩ ሰዎች ሰላምታ ተነፋፍገው ነበር። በ2009 የሸሪፍ ምርጫ ሲሰማ በር ላይ ቆሞ ማውራት እንደገና ተጀመረ። አንድ ሸምገል ያሉ ሶማሌ ጎረቤቴ ያን ሰሞን የነገሩኝን አልረሳም፤ ሰውየው ደግ ናቸው፣ ግን በእናንተ በር ገብተዋልና አይሰነብቱም አሉኝ። አልተሳሳቱም። ሼክ ሸሪፍ ሴፕቴምበር 10 ቀን 2012 በተደረገው ምርጫ በሐሰን ሼክ መሐሙድ 190 ለ79 ተሸነፉ። ለነገሩ ሽንፈታቸውን በጸጋ ተቀብለው ወንበር ለቀቁ፤ በእኛ ሰፈር ብርቅ ነገር ነው።

ሐሰን ሼክም የዩኒቨርሲቲ መምህርና የሲቪክ ማኅበር ሰው ናቸው፤ እሳቸውም “ለዘብተኛ” ተብለው ነው የመጡት። ሜይ 2022 ዳግመኛ ተመረጡ። ጃንዋሪ 1 ቀን 2024 ጠቅላይ ሚኒስትር ዐቢይ አሕመድ ከሶማሌላንዱ ሙሴ ቢሂ ጋር አዲስ አበባ ላይ የመግባቢያ ሰነድ ፈረሙ፤ 20 ኪሎ ሜትር ያህል የባሕር ዳርቻ ለ50 ዓመት በኪራይ። ሙሉ ሰነዱን ሕዝብ አላየውም። የባሕር በር ጥያቄያችን ፍትሐዊ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ በጅቡቲ አንዲት በር መተንፈስ የለበትም። ነገር ግን የፈረሙት ሰዎች ሐሰን ሼክ በማግስቱ ምን ከማድረግ ሌላ ምርጫ አላቸው ብለው አሰቡ? ሰውየው የሚታወቀውን መንገድ ያዙ። ኦገስት 2024 ከግብፅ ጋር የመከላከያ ስምምነት፣ ኦክቶበር 10 አስመራ ላይ ከኢሳያስና ከአል-ሲሲ ጋር የሦስትዮሽ ጉባኤ። በ2006 ሸሪፍን ወደ አስመራ የገፋው እጅ በ2024 ሐሰን ሼክን ወደዚያው ገፋቸው። ዲሴምበር 11 አንካራ ላይ ኤርዶጋን ሁለቱን አስታርቀው መግለጫ እስኪወጣ ድረስ፣ ከኬንያ ስህተት ሳንማር አንድ ዓመት አለፈ። ፌብሩዋሪ 27 ቀን 2025 ዐቢይ ሞቃዲሾ ሄዱ። መሄዱ ጥሩ ነው። በ2023ም ግን አውሮፕላን ነበር።

እዚያ አገር ብዙ አስከሬን አለን። በ2006 ዘምተው ሞቃዲሾና ዙሪያዋ የወደቁት ወታደሮች ስንት እንደሆኑ መንግሥት በይፋ አልተናገረም፤ ጦርነቱን በእጅ ብልጫ ያጸደቀው ምክር ቤትም ዝርዝር አልቀረበለትም። ሠራዊቱ በ2011 መጨረሻ በለድወይን ላይ ተመልሶ ገባ፣ በ2014 በአፍሪካ ኅብረት ባርኔጣ ሥር ሆነ፤ ከዚያ ወዲህ የወደቁትም እንዲሁ ቁጥር የላቸውም። ከጎጃም፣ ከወለጋ፣ ከሲዳማ፣ ከትግራይ የሄዱ የገበሬ ልጆች ናቸው። ስለ ሶማሊያ ወደፊት የሚደረግ ማንኛውም ክርክር ምክር ቤት ፊት ሲቀርብ፣ ከአጀንዳው ሁሉ በፊት የእነዚህ ልጆች ስም ዝርዝር ጠረጴዛው ላይ ይቀመጥ።