አክተር አይሞትም

ደሴ ውስጥ በቪዲዮ ቤት ያደግን ልጆች አንድ የማይሻር ሕግ ነበረን፤ አክተር አይሞትም። ጥይት ቢዘንብበትም ይተርፋል። ካልተረፈ ሳንቲማችን ተበላ ማለት ነው።

ሕጉን ያፈረሰብኝ ካምፓላ ነው። ካንሳንጋ ሰፈር ጎረቤቴ የሆነ የቦዳ ቦዳ (የሞተር ታክሲ) ሹፌር በስልኩ «ካፒቴን አሌክስን ማን ገደለው?» የሚለውን ፊልም ከፈተልኝ። ዳይሬክተሩ አይዛክ ናብዋና ድሮ ጡብ ይሠራ የነበረ፣ የዋካሊጋ ድሃ ሰፈር ሰው ነው። በ2010 እ.ኤ.አ. ያወጣው ይህ ፊልም ወጪው 200 ዶላር እንኳ አይሞላም ይባላል። መትረየሶቹ ከቁርጥራጭ ብረት የተበየዱ ናቸው። አሌክስ ኮማንዶዎቹን ይዞ ታይገር ማፊያ የተባለውን የወንበዴ ቡድን ሊደመስስ ይነሣና ፊልሙ ገና ብዙ ሲቀረው ይገደላል። ወንድሙ፣ የኩንግ ፉው ብሩስ ዩ፣ ደሙን ሊመልስ ይመጣል። ገዳዩ ግን እስከ መጨረሻው አይታወቅም። ሆሊውድ ጀግናውን ቶኒ ስታርክን እስኪገድል ከ2008 እስከ 2019 ድረስ 11 ዓመት ፈጅቶበታል፤ ያኔ ስንቱ ተላቀሰ።

እዚህ ግን ማልቀስ የለም፤ ቪጄው አያስለቅስም። በካምፓላ ቪዲዮ ቤቶች ቪጄ የሚባል ማይክ የያዘ ሰው የውጭውን ፊልም በሉጋንዳ እየተረጎመ፣ እየቀለደ፣ አክተሩን እያሞገሰ ያሳያል። በአሌክስ ፊልም ላይም ቪጄ ኤሚ በእንግሊዝኛ ይቀልዳል። ናብዋና ለሚቀጥለው ሥራ ቦታ ሲያጣ ዋናውን ቅጂ ከኮምፒውተሩ ስላጠፋው፣ ዛሬ የቀረን የኤሚ ድምፅ ያለበት ብቻ ነው። እኛ ዘንድ ቀድሞ አይቶት የሚለፈልፈውን ልጅ «ዝም በል!» እንለው ነበር። እዚህ ቢወለድ ደመወዝተኛ ነበር።

በ2016 የናብዋና «ባድ ብላክ» ሲመጣ ጀግናው የደንብ ልብሱን አወለቀ። ባለታሪኳ በልጅነቷ ጎዳና ላይ ወድቃ፣ አድጋ የወሮበሎች አለቃ የሆነች የድሃ ሰፈር ልጅ ናት። ኤሚ አሁንም ይቀልዳል። ሆኖም የጎዳና ሕፃናት በግዳጅ ሲሠሩ እያየሁ ሳቄ መሐል ላይ ቀረ። እንደገና ያሳቀኝ ከኒው ዮርክ የመጣው አለን ሆፍማኒስ የሚጫወተው ፈሪ ሐኪም ነው፤ ኮማንዶ እንዲሆን የሚያሠለጥነው ዌስሊ ስናይፕስ የተባለ ትንሽ ልጅ ነው። እንደ እኔ ከሁለቱ ፊልሞች የሚበልጠው ይህ ነው፤ አሌክስን መንገድ ላይ አግኝቼው አላውቅም፣ የዚህችን ፊልም ባለታሪክ ግን በየቀኑ አያታለሁ።

«ታዲያ ካፒቴኑን ማን ገደለው?» አልኩት ሹፌሩን።

«ሴቦ፣ ጌታዬ፣ እኔ አይደለሁም» ብሎ ሞተሩን አስነሣ።