የአርበኛ ልጅ ቃል አይጥፋ

ክቡር አዘጋጅ ሆይ፤

በአሶሳ ከተማ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የማስተምር ስሆን፥ በየመሥሪያ ቤቱ ለሚያገለግሉ ወንድሞቼና እኅቶቼ የሚሆን ጥቂት ቃል በዚህ ዓምድ እንዲወጣልኝ በትሕትና እለምናለሁ።

ደጃዝማች ነሲቡ ዘአማኑኤል ቀድሞ የአዲስ አበባ ከንቲባ፥ በ1928 ዓ.ም. ደግሞ በኦጋዴን ግንባር የጦር አዛዥ ሆነው የግራዚያኒን ጦር የተከላከሉ ሰው ነበሩ። በ1929 ዓ.ም. በስዊስ አገር ዳቮስ በሚባል ከተማ ታመው ሲሞቱ ልጃቸው ማርታ ገና ሕፃን ነበሩ። ፋሺስቶችም እናታቸውን ከነልጆቻቸው ወደ ኢጣልያ አጋዟቸው። ወይዘሮ ማርታ ግን ከብዙ ዘመን በኋላ፥ በፈረንጅ 2005 ዓ.ም.፥ የአባታቸውንና የቤተ ሰባቸውን ታሪክ በኢጣልያንኛ ጽፈው አሳተሙ። አባታቸውን ሳይጠግቡ ያደጉ ልጅ፥ አባታቸውን ባጋዟቸው ሰዎች ቋንቋ ለዓለም አስታወቁ።

የደጃዝማች ልጅ እንዲህ መጽሐፍ ጻፉ። የአህያ ነጂ ልጅስ ምን ታድርግ?

የእኛም አውራጃ ከዚያ ዘመን ታሪክ ድርሻ አለው። ንጉሠ ነገሥቱ ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ከሱዳን ወሰን ተሻግረው የገቡት ከዚህ በስተ ሰሜን በኦሜድላ በኩል ነው። አሶሳንም በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር ከጣልያን ያስለቀቁት ከቤልጅግ ኮንጎ የመጡ አፍሪካውያን ወታደሮች ናቸው።

ጎረቤቴ የሆኑ አንዲት ባልቴት፥ ሟች አባታቸው በዚያ ጊዜ ለአርበኞች ስንቅ ያመላልሱ እንደ ነበር ይናገራሉ። ይህንኑ ለማስመዝገብ ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ቢሄዱ፥ ጸሐፊው «ማስረጃ ያምጡ» አላቸው። እሳቸውም «ማስረጃው እኔ ነኝ» ብለው ወጡ።

ጸሐፊው ደንቡን ጠየቀ እንጂ አላጠፋም። ነገር ግን የአባትየውን ስም፥ መንደሩንና ዓመቱን በግማሽ ገጽ ጽፎ ቢያኖር ምን ይጐዳው ነበር? ለመብት ማስረጃ ባይሆን ለታሪክ ይሆናል። እኔም ተማሪዎቼን ደብተር አስይዤ ወደ ቤታቸው ወሰድኋቸው፤ በበርታ ቋንቋ የነገሩንን ልጆቹ ወደ አማርኛ መልሰው ጻፉት።

ስለዚህ፥ ባለ ጉዳይ የምታስተናግዱ ወገኖቼ ሆይ፥ ሰማንያ ዓመት ያለፋቸውን ሰው «ነገ ይመለሱ» ከማለታችሁ በፊት እባካችሁ ብዕራችሁን አንሡ።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር

አንድ መምህር
ከአሶሳ