ጃፓንኛ የሚጽፍ የመኪና ራዲዮ



ዛሬ አንድ ጥያቄ ልጠይቃችሁ። ፊደል የቆጠረ ሰው በገዛ መኪናው ውስጥ ማንበብ ሊያቅተው ይችላል? አዎ፣ ይችላል።

በአገራችን ከሚሄዱት መኪናዎች መካከል ጃፓን አገር ሲነዱ ቆይተው የመጡ አሉ። የእነዚህ መኪናዎች ራዲዮ ስክሪኑ ላይ የሚጽፈው በጃፓንኛ ነው። ሹፌር የሆነ ጎረቤቴ እንዲህ ያለ መኪና ገዛና «መምህር፣ እስቲ ይህን አንብብልኝ» አለኝ። አልቻልኩም። አስተማሪ ሆኖ አላውቅም ማለት ያሳፍራል፤ ግን እውነቱ ይኸው ነው።

ጃፓኖች የሚጽፉት በሦስት ዓይነት ጽሕፈት ነው። ሁለቱ እንደ እኛ ፊደል ድምፅን ያሳያሉ፤ «ካ» ለብቻ፣ «ኪ» ለብቻ። ሦስተኛው ከቻይና የመጣ ነው። በእሱ እያንዳንዱ ምልክት ትርጉም አለው።

ቋንቋን «ጌንጎ» ይሉታል። በሁለት ምልክት ይጻፋል። የመጀመሪያው ከላይ አጭር ጭረት፣ ከሥሩ ሦስት የተጋደሙ መስመሮች፣ ከታች ደግሞ ትንሽ ሳጥን አለው። ሳጥኗ አፍ ማለት ናት። ያው ቅርጽ በሁለተኛው ምልክት ግራ ጎን ይደገማል። ይህን ካያችሁ ንኩት። እንግሊዝኛ ከመጣ ምረጡት፤ አለቀ።

ብዙ ጊዜ ግን አይመጣም። ለጃፓን ገበያ ብቻ የተሠሩት ብዙዎቹ ራዲዮዎች የተጫነባቸው ጃፓንኛ ብቻ ነው። የሌለ ነገር ቁልፍ ቢጫኑ አይመጣም። «በአምስት ደቂቃ እቀይርልሃለሁ» የሚል ሰው ካጋጠማችሁ፣ ገንዘብ ከመክፈላችሁ በፊት «ይህንኑ ሞዴል ቀይረህ ታውቃለህ?» ብላችሁ ጠይቁት።

ካርታ የሚያሳዩት ራዲዮዎች ውስጥ ደግሞ ትንሽ ካርድ አለች። ጎረቤቴ «የጃፓን መንገድ ምን ያደርግልኛል?» ብሎ አውጥቶ ለልጆች መጫወቻ ሰጣት። በኋላ ባትሪ ሲቀይር ራዲዮው ተቆለፈ። ካርዷን አምጣ ይላል፤ ካርዷ የለችም። አንዳንዶቹ የሚስጥር ቁጥርም ይጠይቃሉ። እናንተ ካርዷን አትንኩ። ባትሪ ከመፈታቱም በፊት ባለሙያ አማክሩ።

ሌላም ጣጣ አለ። የጃፓን ኤፍ ኤም ለረጅም ጊዜ ከ76 እስከ 90 ሜጋኸርዝ ነበር። አዲሶቹ እስከ 95 ይደርሳሉ። እኛ ዘንድ ኤፍ ኤም አዲስ በ97.1፣ ሸገር በ102.1 ነው የሚሰማው። ስለዚህ ቋንቋው ቢቀየርም ጣቢያው አይያዝም። ለዚህ በአንቴናው ገመድ ላይ የሚገባ ትንሽ ዕቃ አለ። 20 የሚቀንሰውን ካስገባችሁ፣ ሸገርን 82.1 ላይ ትሰሙታላችሁ። ደብተራችሁ ላይ ቀንሱና አረጋግጡ።

ጎረቤቴ በመጨረሻ ሌላ ራዲዮ ገዝቶ አስገጠመ። እናንተ ግን ወጪ ከማውጣታችሁ በፊት የራዲዮውን ሞዴል ፈልጉ። የሚጻፈው በእንግሊዝኛ ፊደልና በቁጥር ስለሆነ በወረቀት ገልብጡና ለባለሙያው አሳዩት።

ደህና ዋሉ።