የአሬራ ብስኩት ኩፍ ብሎ እንዲጋገር

ለልማት ጣቢያ ሠራተኞችና ለወተት አምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት የተዘጋጀ

መግቢያ

እርጎ ተንጦ ቅቤው ከወጣለት በኋላ የሚቀረው አሬራ በየቤቱ ይጠጣል፤ ወይም ተሞቆ አይብ ይሆናል። ቅቤ አውጥተው በሚሸጡ ማኅበራት ዘንድ ግን አሬራው በአንድ ቀን በብዛት ስለሚገኝ ሳይሸጥ የሚበላሽበት ጊዜ አለ። ይህን ትርፍ ከስንዴ ዱቄት ጋር በማዋሐድ ለገበያ የሚሆን ምግብ መሥራት ይቻላል።

እዚህ ላይ የምንገልጸው ብስኩት በፓኬት ታሽጎ የሚሸጠው ደረቁ ዐይነት አይደለም። በአሜሪካ ደቡባዊ ክፍል ለቁርስ የሚበላ፣ ያለ እርሾ የሚጋገር ትንሽ ለስላሳ ዳቦ ነው። በዚያ አገር ሶዳ በፋብሪካ ተዘጋጅቶ መሸጥ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1846 ሲሆን፣ አሬራና ሶዳ በአንድነት የጋገራው መሠረት ሆነዋል። አሠራሩ ቀላል ቢመስልም ምክንያቱን ሳያውቁ የሚሠሩት ብዙውን ጊዜ እንደ ድንጋይ ይከብዳል። ስለዚህ ከአሠራሩ በፊት ምክንያቱን እናስረዳለን።

ብስኩቱን የሚያነሣው ምንድን ነው?

1. አሬራና ሶዳ። አሬራን የሚያኮመጥጠው ላክቲክ አሲድ ነው። አሲዱ ከሶዳ ጋር ሲገናኝ ካርቦን ዳይኦክሳይድ የተባለ ጋዝ ይወጣል፤ ሊጡን የሚነፋውም ይኸው ጋዝ ነው። 1 ግራም ሶዳ ሩብ ሊትር ያህል ጋዝ ይሰጣል። ጋዙ መውጣት የሚጀምረው ሁለቱ እንደተገናኙ ወዲያውኑ ስለሆነ፣ የተቦካ ሊጥ ቆሞ መጠበቅ የለበትም።

የሶዳው መጠን ከአሬራው ኮምጣጣነት ጋር መመጣጠን አለበት። ለምሳሌ በ100 ሚሊ ሊትር አሬራ ውስጥ 0.8 ግራም አሲድ ቢኖር፣ ለ325 ሚሊ ሊትር 2.4 ግራም ሶዳ፣ ማለትም የሻይ ማንኪያ ግማሽ ይበቃዋል። ሶዳው ከበዛ ብስኩቱ ይቢጫል፤ ሳሙና ሳሙናም ይላል። ካነሰ ደግሞ ይኮመጥጣል።

2. ቅቤ። በለጋ ቅቤ ውስጥ ውሃ አለ። በዱቄቱ መካከል በትናንሽ ቁራጭ የቀረ ቅቤ በእሳት ሲቀልጥ ውሃው ወደ እንፋሎት ተለውጦ የሊጡን ድርብርብ ይለያያል። ቅቤው ቀድሞ ከቀለጠ ግን ዱቄቱ ይጠጣዋል፤ ድርብርቡም አይኖርም። ንጥር ቅቤ ውሃው ስለወጣለት ለዚህ ሥራ አይሆንም።

3. ዱቄት። የስንዴ ዱቄት ውሃ ነክቶት ሲታሽ ግሉተን የተባለው ፕሮቲን እንደ ጅማት ይሳባል። ይህ ለእርሾ ዳቦ ጠቃሚ ሲሆን ለብስኩት ግን ጎጂ ነው። የአሜሪካ ደቡብ ሰዎች ፕሮቲኑ ዝቅተኛ የሆነ ለስላሳ ስንዴ የሚመርጡት በዚሁ ምክንያት ነው። እኛ ዘንድ በፉርኖ ዱቄት መሥራት ይቻላል። ዱቄቱ ጠንካራ ከሆነ ከአምስት እጅ አንዱን በተነፋ የበቆሎ ዱቄት መተካት ይረዳል፤ በቆሎ ግሉተን የለውምና።

አስፈላጊ ነገሮች (ለ15 ብስኩት ያህል)

የፉርኖ ዱቄት 500 ግራም፤
ቤኪንግ ፓውደር 15 ግራም፤
ሶዳ የሻይ ማንኪያ ግማሽ፤
ጨው 8 ግራም፤
ለጋ ቅቤ 150 ግራም፤
ቀዝቃዛ አሬራ ከ300 እስከ 350 ሚሊ ሊትር።

የቤኪንግ ፓውደሩ መጠን ለደጋ የተወሰነ ነው። በከፍታ ቦታ የአየር ግፊት ስለሚቀንስ ጋዙ ይበልጥ ይለጠጣል፤ ከመጠን በላይ የተነፋ ሊጥም ሳይበስል ተመልሶ ይወድቃል። በቆላ 20 ግራም ማድረግ ይቻላል።

አሠራር

1. ሥራውን በማለዳ መጀመር ይመረጣል። ቅቤው በዕቃ ሆኖ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ተቀምጦ ይጠንክር። እሳቱም አስቀድሞ ይያያዝ።
2. ዱቄቱን፣ ቤኪንግ ፓውደሩን፣ ሶዳውንና ጨውን ቀላቅሎ ሁለት ጊዜ በወንፊት መንፋት። በደንብ ያልተበተነ ሶዳ ቡናማ ነጥብ ያወጣል።
3. ቅቤውን ቆራርጦ በጣት ጫፍ ከዱቄቱ ጋር ማፍተልተል። የሽምብራ ፍሬ የሚያህል ቁራጭ ሲሆን ማቆም።
4. መሐሉን ጎድጎድ አድርጎ አሬራውን በጥቂት በጥቂቱ መጨመር፤ በማንኪያ ማገናኘት። ዱቄቱ እንደተያያዘ ይበቃል። ሊጡ ሻካራና ትንሽ የሚያጣብቅ መሆን አለበት። እንደ ዳቦ ሊጥ ማሸት ክልክል ነው።
5. ዱቄት በተነሰነሰበት ገበታ ላይ ገልብጦ በመዳፍ መደልደል፤ ሦስት ወይም አራት ጊዜ ማጠፍ። በመጨረሻ ውፍረቱ 2.5 ሴንቲ ሜትር ይሁን።
6. አፉ ስል በሆነ ጣሳ ቀጥ አድርጎ ወደ ታች መቁረጥ። ጣሳውን ማዞር ጠርዙን ስለሚያጣብቀው ሊጡ ወደ ላይ እንዳይነሣ ያግደዋል።
7. ብስኩቶቹን እርስ በርስ አስጠግቶ መደርደር፤ ወደ ጎን ከመዘርጋት ይልቅ ወደ ላይ ይነሣሉ።

መጋገር

በምድጃ ከሆነ ሙቀቱ ከ220 እስከ 230 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ደርሶ ይግባ፤ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ ይፈጃል። ምድጃ በሌለበት እንደ ድፎ ዳቦ ከላይና ከታች በእሳት ይጋገራል። ክዳን ያለው ብረት ድስት አስቀድሞ ይጋል፤ ከታች ጥቂት ፍም፣ ከክዳኑ ላይ በርከት ያለ ፍም ይደረጋል። እሳቱ ለስለስ ካለ ቅቤው እንፋሎት ሳይሆን ቀልጦ ይፈስሳል፤ ብስኩቱም ይጠፈጠፋል።

ጉድለትና መንስኤው

ከባድና የሚሳብ ከሆነ፦ ሊጡ ብዙ ታሽቷል።
ጠፍጣፋ ከሆነ፦ ቅቤው ቀልጧል፣ ሊጡ ቆይቷል ወይም እሳቱ ደካማ ነበር።
ወደ አንድ ጎን ካጋደለ፦ ሲቆረጥ ጣሳው ዞሯል፤ ወይም እሳቱ አልተስተካከለም።
ቢጫና መራራ ከሆነ፦ ሶዳው በዝቷል።

ለማኅበራት ማሳሰቢያ

የአሬራ ኮምጣጣነት እንደ እርጎው ዕድሜ ይለያያል። ስለዚህ አሬራው በተለወጠ ቁጥር አስቀድሞ የአራት ወይም የአምስት ብስኩት ሊጥ ጋግሮ መቅመስና የሶዳውን መጠን ማስተካከል ከኪሳራ ያድናል። ሻጋታ የያዘ ወይም ሽታው የተለወጠ አሬራ ለጋገራ መዋል የለበትም።

ለ1 ኪሎ ዱቄት የሚያስፈልገው አሬራ ከ700 ሚሊ ሊትር አይበልጥም። በመሆኑም ለልጆች መጠጥና ለአይብ የሚውለውን መንካት አያስፈልግም፤ ትርፉ ብቻ ይበቃል። በአንጻሩ ከሁሉ የሚወደደው ቅቤው ነው። ማኅበሩ ለሽያጭ ከመነሣቱ በፊት ቅቤውን በራሱ መሸጫ ዋጋ አስቦ፣ ዱቄቱን፣ ማገዶውንና የሠራተኛውን ጊዜ ደምሮ የአንዱን ብስኩት ወጪ ማወቅ አለበት። ቅቤውን ወደ 100 ግራም መቀነስ ይቻላል፤ ድርብርቡ ግን ያንሳል፤ ብስኩቱም ወደ ዳቦነት ያደላል።

የአሬራ ብስኩት የሚጣፍጠው በተጋገረበት ቀን ነው። ስለሆነም በየማለዳው ሊሸጥ የሚችለውን ያህል ብቻ እንዲጋገር የልማት ጣቢያ ሠራተኞች ማኅበራቱን እንዲመክሩ እናሳስባለን።