በላስታ በእግር እየተዘዋወሩ ምግብ ስለ መቅመስ

በታላላቅ ከተሞች አንድ የጉብኝት ዓይነት ከተለመደ ሰንብቷል። ጥቂት እንግዶች አንድ መሪ ይዘው በእግራቸው ከሰፈር ወደ ሰፈር ይዘዋወራሉ፤ በየደረሱበትም ቤት ጥቂት ጥቂት ይቀምሳሉ፤ መሪውም ምግቡ ከምን እንደ ተሠራ፥ ማን እንደሚበላውና መቼ እንደሚበላ ያስረዳቸዋል። ይህ ሥራ በአዲስ አበባም ይታወቃል። በከተማ ነገሩ ብዙ አያስቸግርም፤ ሥጋ ቤቱም፥ ቡና ቤቱም፥ ጭማቂ ቤቱም ለመጣው ሁሉ ክፍት ስለ ሆነ፥ መሪው ጠዋት እንግዶቹን ሰብስቦ በዚያው ቀን ሊያዞራቸው ይችላል። አንዱ ቤት ቢዘጋ ወደ ጎረቤቱ መግባት ነው።

በዚህ ጽሑፍ ለመመልከት የታሰበው ግን ይኸው ልማድ ምግብ በአብዛኛው ለሽያጭ ሳይሆን ለቤት በሚሠራበት አገር፥ ይኸውም በላሊበላ ከተማና በዙሪያዋ ባለው በላስታ ደጋ፥ እንዴት እንደሚሠራና ምን እንደሚያሰናክለው ነው። ላሊበላ በ1970 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ከተመዘገበች ወዲህ ወደዚያ የሚሄደው እንግዳ ሁሉ ስለ አብያተ ክርስቲያናቱ ብዙ ይነገረዋል። ስለ ሚበላው ነገር ግን የሚነገረው በጣም ጥቂት ነው፤ ብዙው እንግዳ በሆቴል ሽሮና ጥብስ በልቶ ይመለሳል።

አስቀድሞ ስለ አገሩ አቀማመጥ መናገር ያስፈልጋል። ላሊበላ 2,500 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ፥ በአቡነ ዮሴፍ ተራራ ጎን የተቀመጠች ከተማ ናት። የተራራው ራስ ከ4,000 ሜትር በላይ ይደርሳል። ከከተማዪቱ ወደ ታች፥ ወደ ተከዜ በኩል ሲወረድ ማሽላ የሚበቅልበት ቆላ ይገኛል፤ በከተማዪቱ አካባቢና በወይና ደጋው ጤፍ፥ ስንዴና ሽምብራ ይዘራል፤ ወደ ላይ ሲወጣ ገብስ፥ ባቄላና ምስር ይገኛል፤ ከዚያ በላይ ያለው የአስታና የጓሳ አገር ነው። ስለዚህ በላስታ በእግር የሚሄድ ሰው በአንድ ቀን ውስጥ ሽቅብ በመውጣቱ ብቻ እንጀራው ሲለወጥ ያያል። በከተማ የበላው የጤፍ እንጀራ ስስና ልስልስ ነበር፤ ወደ አሸተን ማርያም በሚያወጣው መንገድ በላይ ካሉት ቤቶች በአንዱ ቢገባ የሚቀርብለት የገብስ እንጀራ ወፈር ያለና ቶሎ የሚደርቅ ነው፤ በእንጀራው ፈንታም ቂጣ፥ ቆሎ ወይም በሶ ሊቀርብ ይችላል። በታላላቅ ከተሞች መሪው እንግዶቹን ከአንዱ ሰፈር ወደ ሌላው የሚያዞረው ልዩ ልዩ ምግብ ለማሳየት ነው፤ በላስታ ግን ልዩነቱን የሚያመጣው ዳገቱ ነው።

እነዚህ ሦስት አገሮች የሚገናኙበት ስፍራ የቅዳሜ ገበያ ነው። ስለዚህ መሪ የሆነ ሰው ጉዞውን ከዚያ ቢጀምር ይሻለዋል። የደጋው ሰው ገብሱንና ባቄላውን፥ የቆላው ሰው ማሽላውን በአህያ ጭኖ ይወርዳል፥ ይወጣል። እህሉ በጣሳና በቁና ይሰፈራል፤ ሻጩ ቁናውን በክምር ሞልቶ ሲሰፍር እጁ እንዴት እንደሚሄድ መመልከት ራሱን የቻለ ትምህርት ነው። በአንድ በኩል ጌሾና ብቅል፥ በሌላ በኩል በርበሬ፥ አብሽና ነጭ ሽንኩርት፥ እንደዚሁም ጨው ይሸጣል። ጨው በዚህ አገር ተራ ሸቀጥ አልነበረም፤ በ19ኛው መቶ ዘመን ከአፋር ምድር የሚመጣው አሞሌ ሰቆጣ ደርሶ ከዚያ ወደ ልዩ ልዩ ስፍራ ይበተን ስለ ነበረ፥ ሰቆጣ በጨው ገበያዋ የታወቀች ነበረች። ማርም በገበያው አይጠፋም። የከተማዪቱን ስም የሰጠው ንጉሥ በተወለደ ጊዜ ንቦች ከበቡት፥ እናቱም ንቦቹ ንግሥናውን አወቁ አለች የሚለውን ታሪክ የማያውቅ ኢትዮጵያዊ ጥቂት ነው፤ በአገው ቋንቋ «ላል» ማር ማለት ነው እየተባለም ስሙ «ማር ይበላል» ተብሎ ይተረጐማል። መሪው ይህን ታሪክ ከጠጅ ቤት ይልቅ በማር ሻጯ ፊት ቢናገረው እንግዳው ብርዝንና ጠጅን ለይቶ ለማወቅ ይዘጋጃል፤ ብርዝ በውሃ የተበጠበጠ ማር ሲሆን ጠጅ ጌሾ ገብቶበት የፈላ ነውና።

ከገበያው ቀጥሎ የሚገባበት ቤት ብዙ ጊዜ ጠላ ቤት ነው። እዚህ ላይ ትንሽ መቈየት ይገባል፤ የዚህ ጉብኝት ችግር በሙሉ በጠላው ጋን ውስጥ ይገኛልና። ጠላ በአንድ ቀን አይደርስም። መጀመሪያ ጋኑ ታጥቦ በወይራ ጭስ ይታጠናል። የተወቀጠ ጌሾ በውሃ ተዘፍዝፎ ጥቂት ቀን ይሰነብታል። ከዚያም ብቅልና ቂጣ ገብቶበት ጥንስስ ይሆናል፤ ጥንስሱ ሲፈላ ደግሞ ከገብስ የተሠራው እንኩሮ ይጨመርበትና ድፍድፍ ይባላል። በመጨረሻ ውሃ ተሞልቶበት፥ አፉ ታሽጎ፥ ሲጠራ ይቀዳል። ይህ ሁሉ ከሳምንት በላይ የሚፈጅ ሥራ ነው። ብቅሉን ማብቀል፥ ገብሱን መቁላት፥ ማስፈጨትና ውሃ መቅዳት ከተጨመረበት ጊዜው ከዚያም ይረዝማል። እንጀራም ቢሆን ሊጡ ተቦክቶ፥ እርሾ ገብቶበት፥ ሁለት ሦስት ቀን ሳይቈይ ምጣድ ላይ አይወጣም። ሥራውን የምትሠራው ሴት ናት። ማገዶውን፥ እንጨትም ሆነ ኩበት፥ የምትፈልገውም እርሷ ናት።

ስለዚህ መሪው እንደ ከተማው ባልደረባው ጠዋት ተነሥቶ «ዛሬ እንግዳ አመጣለሁ» ቢል የሚያገኘው ለቤተ ሰቡ የተሠራውን ነው። ያን ቢያቀምስ ከቤተ ሰቡ ድርሻ መቀነሱ ነው። ቢያስጠነስስና እንግዳው ቢቀር ግን ጠላው ይኮመጥጣል፥ ድካሙም ከንቱ ይሆናል።

ሁለተኛው ነገር የጾም ነገር ነው። ወደ ላሊበላ እንግዳ በብዛት የሚመጣው ከመስከረም በኋላ፥ በበጋ ነው። በዚሁ ወራት ከኅዳር 15 ቀን ጀምሮ እስከ ገና ድረስ የነቢያት ጾም አለ፤ ጥቂት ወራት ቈይቶም 55 ቀን የሚጾመው ዐቢይ ጾም ይገባል፤ ረቡዕና ዓርብ ደግሞ በየሳምንቱ አሉ። እንግዲህ እንግዳው ዶሮ ወጥ እቀምሳለሁ ብሎ ቢመጣ፥ ብዙውን ጊዜ የሚያገኘው ሽሮ፥ ምስር፥ ስልጆ፥ ተልባና ሱፍ ነው። አንዳንድ መሪዎች ይህን እንደ ጉድለት ቈጥረው እንግዳውን ወደ ሆቴል ይመልሱታል። በእኔ አስተያየት ይህ ስሕተት ነው። ቅቤና ሥጋ በሌለበት ጊዜ ባለሙያዋ ባቄላውን በሰናፍጭ አብላልታ ስልጆ ስታደርገው፥ ወይም ሱፉን ቈልታ ስትወቅጠውና ስታጠልለው፥ ሙያዋ የሚታየው ያን ጊዜ ነው፤ ዶሮ ወጥ በአዲስ አበባም ይገኛል። ቀሳውስቱና ጿሚዎቹ እስከ ቀትር በኋላ እንደማይቀምሱ ግን እንግዳው አስቀድሞ ሊነገረው ይገባል፤ ይህን ሳያውቅ በጾም ቀን ጠዋት በሰው ቤት ተቀምጦ ብቻውን ሲበላ እርሱም ያፍራል፥ ባለቤቲቱም ትቸገራለች።

መሪው የሚያስረዳው ሌላም ሥርዓት አለ። እጅ ሳይታጠቡ ወደ መሶብ አይቀረብም። ጠላ የምትቀዳው ሴት አስቀድማ በመዳፏ ጠብ አድርጋ ትቀምሳለች፤ ይህም መጠጡ ንጹሕ መሆኑን ለማሳየት ነው። የመጀመሪያውን ጉርሻ መመለስ ነውር ነው። ሰው ሲበላ ትክ ብሎ ማየት፥ ይልቁንም ፎቶግራፍ ማንሣት፥ አይወደድም፤ ምግብ ከሰው ዓይን ይሸፈናል። ስለዚህ እንግዳው ስለ ምግብ ለመማር የመጣ ቢሆንም የተከደነውን መሶብ ከፍቶ ለማየት መጣደፍ የለበትም። (አንድ ጊዜ አንዲት እንግዳ የተሸፈነ ሌማት ተሸክማ የምታልፍ ልጅን አስቁማ ክዳኑን ልታነሣ ስትል፥ ልጅቱ ሮጣ አመለጠቻት። መሪው ከማስረዳት ይልቅ ሲስቅ ነበር።)

ከሁሉ የሚከብደው ግን የገንዘብ ነገር ነው። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ አንድ ቅዳሜ ከሁለት እንግዶችና ከአንድ መሪ ጋር ሽቅብ ሲወጣ አንዲት እናት ከቤታቸው አስገብተው የገብስ ቂጣና ቡና አቀረቡ። ስንነሣ አንደኛው እንግዳ ብር አወጣ፤ እርሳቸውም እጃቸውን ሰብስበው «የቤት እንግዳ ይከፍላል እንዴ ልጄ» አሉ። መሪው ብልህ ነበርና «እማማ፥ ለቡናው አይደለም፥ ለልጆቹ ደብተር ይሁን» ብሎ ብሩን ከረከቦቱ ሥር አኖረው። እርሳቸውም መረቁን። በኋላ እንደ ሰማሁት ግን በዚያው መንገድ ሌሎች መሪዎችም ሰው እየያዙ ይገባሉ፤ ከእነርሱም አንዳንዶቹ ከእንግዳው የምግብ ዋጋ ተቀብለው ለቤቲቱ እመቤት ምንም ሳይሰጡ ይሄዳሉ፤ ሲጠየቁም «እርሳቸው ገንዘብ አይወዱም» ይላሉ።

እንግዳ መቀበል በላስታ የቈየ ነገር ነው። በገና በዓል ሰሞን በሶውንና ቆሎውን በስልቻ ይዞ ከሩቅ አገር በእግሩ የሚመጣውን ተሳላሚ የከተማዪቱ ሰው እግሩን አጥቦ ያሳድረዋል፥ ያበላዋል። ተሳላሚው የመጣው ለበረከት ነው፥ ያበላውም የሚያበላው ለበረከት ነው፤ በመካከላቸው ዋጋ የለም። የጉብኝቱ እንግዳ ግን ለመሪው ከፍሎ የመጣ ነው። አንደኛው ከፍሎ፥ ሁለተኛው ተቀብሎ፥ ሦስተኛዋ በነጻ ስታበላ፥ ነገሩ እንግዳ መቀበል መሆኑ ይቀራል።

ለዚህ ችግር መልስ የተፈለገበት አንድ ስፍራ ከላሊበላ ብዙ ሳይርቅ በመቄት አለ። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ2003 በመቋት ማርያም የተጀመረው አሠራር በመንደሩ ሰዎች ማኅበር የቆመ ነው። ማኅበሩ በገደሉ አፋፍ ላይ የሣር ክዳን ቤቶች ሠርቶ፥ በእግር የሚጓዘውን እንግዳ ያሳድራል፥ ያበላል፤ ጓዙንም በአህያ ያስጭናል፤ ገንዘቡም የሚገባው ለማኅበሩ ነው። ከዚያ በኋላ ሌሎች መንደሮች፥ በአቡነ ዮሴፍ በኩል ያሉትም ጭምር፥ በዚሁ መንገድ ተከትለዋል። በዚህ አሠራር እንግዳው የሚመጣበት ቀን አስቀድሞ ይታወቃል፤ አብሳዮቹ ይዘጋጃሉ፤ ዋጋውም ፊት ለፊት የሚቈረጥ በአንዲት እናት እጅ ላይ ሳይሆን በማኅበር ስለ ሆነ የማንም ክብር አይነካም።

ዳሩ ግን ማኅበርም ቢሆን እንግዳ ሲጠፋ የሚያደርገው የለም። በ2012 ዓ.ም. በኮሮና በሽታ ምክንያት ጉዞ ቆመ። ከሐምሌ 2013 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ እስከ ታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. ድረስ ላሊበላ በጦርነቱ ከእጅ ወደ እጅ ስትተላለፍ ቈየች። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህም በአማራ ክልል የተነሣው ግጭት መንገዱን ደጋግሞ አስተጓጕሏል። በእነዚህ ዓመታት ጌሾ የወቀጠች፥ ብቅል ያበቀለች ሴት ጉዳቷን የሚጋራት አላገኘችም፤ ሆቴሉ በሩን ዘጋ፥ መሪው ሌላ ሥራ ፈለገ፥ የእርሷ እህል ግን ቀድሞ ወጥቷል። ላስታ ደግሞ በ1966ም በ1977ም ዓ.ም. ረኃብን ያየ የወሎ ክፍል ነው፤ በዚህ አገር አንድ ቁና ገብስ በከንቱ መጥፋቱ ቀላል ነገር አይደለም።

እንግዲህ ሰላም ሲሆንና እንግዳው ሲመለስ ሊደረግ የሚገባው ግልጽ ይመስለኛል። መሪው እንግዳ ሊያመጣ ሲያስብ ጠላ ለምትጠምቀው ሴት ቢያንስ ከሁለት ሳምንት በፊት ይንገራት፤ በስልክም ይቻላል፥ ስልክ በማይሠራበትም ከቅዳሜ ገበያ በሚመለስ ሰው መላክ ይቻላል። ከእንግዳውም ላይ ቀብድ ተቀብሎ ለእህሉና ለማገዶው የሚሆነውን አስቀድሞ ይስጣት፤ እንግዳው ቢቀር ቀብዱ የእርሷ ነው። ዋጋው ለምግቡ ሳይሆን ለእህሉ፥ ለእንጨቱ፥ ለውሃውና ለድካሙ ነው ተብሎ ቢነገር «የቤት እንግዳ ይከፍላል እንዴ» የሚለው ቃል አይነሣም፤ ወፍጮ ቤት ለማስፈጫ ሲከፈል ማንም አያፍርምና። በክረምት ግን፥ በልጉ ባልሰመረበት ዓመት ይልቁንም ከሰኔ እስከ መስከረም፥ ጎተራው በሚጎድልበት ጊዜ፥ ወደ ደጋው ቤቶች የቅምሻ እንግዳ ይዞ መውጣት ፈጽሞ መቅረት አለበት። በእነዚያ ወራት የመጣ እንግዳ ቢኖር መሪው በከተማው ጠላ ቤትና ጠጅ ቤት ያዙረው፤ ሽቅብ ቢወጣም ስንቁን ይዞ ይውጣ።